ሚና አዳዩ ማን ነው?

በፊልም ዓለም ፊታቸው ከስማቸው ቀድሞ የሚሄድ ሰዎች አሉ። ብቅ ሲሉ ተመልካቹ «ይሄ ሰውዬ!» ይልና እዚያው ላይ ይቆማል። ባንዱ ፊልም ዳኛ፣ በሌላው ሐኪም፣ በሦስተኛው ክፉ አለቃ ሆነው አይቷቸዋል፤ ስማቸውን ግን ጠይቆ አያውቅም። ዋናው ተዋናይ ያፈቅራል፣ ይዋጋል፣ ይሞታል ወይም ያሸንፋል። እነዚህኞቹ በመካከል ለሦስት ደቂቃ ገብተው፣ ታሪኩን አንድ እርምጃ ገፍተው ይወጣሉ። ካራክተር አክተር የሚባሉት እነሱ ናቸው። ፊልሙ ያለ እነሱ አይቆምም፤ ፖስተሩ ላይ ግን አይገኙም። እንዲህ ያለ ሰው ዕድሜውን ከዳር ቆሞ ሲሠራ ከኖረ በኋላ ስለ መካከሉ ምን ይላል? ጥያቄው ባዶ ግምት እንዳይሆን፣ በዚያ ሙያ ያረጀና በጎን ሲጽፍ የኖረ አንድ ሰው ልያዝ።

ሰውዬው ዋላስ ሾን ይባላል። በ1943 በኒው ዮርክ ተወለደ፤ እዚህ የሚጠቀሱት ዓመታት ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው። አጭር፣ መላጣ፣ ድምፀ ቀጭን፣ አንደበቱም ኮልተፍ የሚል ነው። በ1987 በወጣው «ዘ ፕሪንሰስ ብራይድ» በብልህነቱ ሲኩራራ ቆይቶ መርዝ ጠጥቶ የሚሞተው ሲሲሊያዊ እሱ ነው። በ1995 በ«ክሉለስ» የክርክር ትምህርት አስተማሪ ሆነ። በዚያው ዓመት በ«ቶይ ስቶሪ» ሬክስ ለተባለው፣ አስፈሪ መልክ ይዞ በሁሉም ነገር ለሚደነግጠው አሻንጉሊት ዳይኖሰር ድምፁን ሰጠ፤ እስከ 2019 በወጡት ተከታዮቹም አልተለየውም። «ያንግ ሼልደን»ን የተከታተሉ ሰዎች ደግሞ ዶክተር ስተርጅስ ብለው ያውቁታል። ልጆች ድምፁን ለይተው በሚያውቁበት ቤት ወላጆች ስሙን አያውቁትም።

ይኸው ሰው ግን ተዋናይ ከመሆኑ በፊት ጸሐፊ ነበር። ከ1970ዎቹ ጀምሮ ለመድረክ ያበቃቸው ተውኔቶች ብዙ አይደሉም፤ ባንዱና በሌላው መካከል ዓመታት ያልፋሉ። ሬክስን የሚወድ ቤተሰብ ልጆቹን ይዞ ከእነዚህ ወደ አንዱ ቢገባ ደንግጦ ይወጣል። በ1985 በለንደኑ ሮያል ኮርት ቴአትር የታየው «አንት ዳን ኤንድ ለመን» ስለ ናዚዎች በጎ አስተያየት ያላትን፣ አነጋገሯ ለስላሳ የሆነ፣ ለመን የተባለች በሽተኛ ወጣት ሴት ከፊታችን አስቀምጦ ያናግራታል። በ1996 በናሽናል ቴአትር የታየው «ዘ ዴዚግኔትድ ሞርነር» መጽሐፍ አንባቢዎች አንድ በአንድ የሚጠፉበትን አገር ያሳያል። የሚያስቁ ቦታዎች አሏቸው፤ ሳቁ ግን የሳቀውን ሰው መልሶ ያሳፍረዋል።

ሁለቱን ሰዎች ለማስታረቅ የሚቀናው አባባል ይታወቃል፤ «ለሆዱ ይተውናል፣ ለነፍሱ ይጽፋል»። ሐሰት አይደለም። የፊልሙ ገንዘብ ለብዕሩ ጊዜ ገዝቶለታል። ይህ አባባል ግን ሁለቱን ሥራዎች ለየብቻ ቆልፎ ያስቀምጣቸዋል፤ አንዱ ገበያ፣ ሌላው ቤተ መቅደስ ይሆናሉ። እኔ የሚታየኝ ሌላ ነው። የተውኔቶቹ ትልቁ ጥያቄ የተወለደው እዚያው ገበያው ውስጥ ነው፤ ሰው በሌላ ሰው ዓይን ተመዝኖ ሚና በሚታደልበት ቦታ።

መጀመሪያ የደረሰው ሚና በልደት የመጣ ነበር። አባቱ ዊሊያም ሾን «ኒው ዮርከር» የተባለውን ስመ ጥር መጽሔት ከ1952 እስከ 1987 በዋና አዘጋጅነት መርቷል። ልጁ በሃርቫርድ ታሪክ ተማረ፤ ሕንድ አገር ሄዶ እንግሊዝኛ አስተማረ፤ ኦክስፎርድ ገብቶ ፍልስፍና፣ ፖለቲካና ኢኮኖሚክስ አጠና። እንዲህ ያለ መንገድ ወደ ኤምባሲ ወይም ወደ ዩኒቨርሲቲ ነው የሚወስደው። እሱ ተውኔት መጻፍ ያዘ፤ ተውኔት ደግሞ የቤት ኪራይ አይከፍልም። ላቲን አስተማረ፤ ፎቶ ኮፒ እያነሣም ሠራ። በ1977 የማኪያቬሊን «ማንድራጎላ» ለኒው ዮርኩ ፐብሊክ ቴአትር ሲተረጉም አዘጋጁ አንዲት ትንሽ ሚና ሰጠው። ተዋናይ የሆነው ሠላሳ ዓመት ካለፈው በኋላ፣ በዚህ አጋጣሚ ነው።

ከሁለት ዓመት በኋላ በዉዲ አለን ፊልም፣ በ«ማንሃተን»፣ ለአፍታ ታየ። ዳያን ኪተን የምትጫወታት ሴት የቀድሞ ባሏን ወንድነትና ግርማ እያነሣች ስትጥል ቆይታለች፤ ተመልካቹም በልቡ አንድ መለሎ ጎበዝ ሥሏል። ባልየው ብቅ ሲል ሾን ሆኖ ይገኛል። ቀልዱ ይኸው ነው፤ ገና አፉን ሳይከፍት አዳራሹ ይስቃል። እዚህ ላይ ቆም ማለት ያሻል። የሃርቫርድና የኦክስፎርድ ትምህርቱ፣ ተውኔቶቹ፣ ትርጉሙ ካሜራው ፊት ከቁጥር አይገቡም። የተፈለገው ቁመቱ፣ መላጣውና ድምፁ ነው። ያን ሁሉ ሳቅ ያስነሣው እሱ የሠራው ነገር አልነበረም፤ ሰዎች አንድን አፈጣጠር ጠብቀው ሌላ ስላዩ ነው።

ከዚያ ወዲህ ሥራ አላጣም። በ«ስታር ትሬክ፡ ዲፕ ስፔስ ናይን» ትርፍን እንደ ሃይማኖት የያዘው የፌሬንጊ ሕዝብ ታላቅ መሪ ሆነ። በ2004 በ«ዘ ኢንክሬደብልስ» ደንበኞች ካሣቸውን እንዳያገኙ ሠራተኞቹን የሚያስጨንቅ የኢንሹራንስ አለቃ ሆነ። ይህ ሰው እንግዲህ ሶሻሊስት ነኝ ብሎ በአደባባይ የጻፈ ሰው ነው። ገበያው ግን የስስታሞች አለቃ አድርጎ ቀጠረው፤ እሱም ተቀጥሮ አሳምሮ ሠራው። ምጸቱ ከአጋጣሚ ያለፈ ይመስለኛል። ፊልም ክፋትን ሲያሳይ መልክ ያበጅለታል። ስስታሙን አጭርና ጯሂ ሲያደርገው፣ ተመልካቹ «እኔ እንደሱ አይደለሁ» ብሎ ተደላድሎ ይቀመጣል። ሾን በሰውነቱ ያንን መደላደል ሲሸጥ ኖሯል ማለት ነው።

በብዕሩ ግን ያንን መደላደል ተመልካቹን ይነሣዋል። በተውኔቶቹ ውስጥ ጨካኙ ሰው የተማረ፣ ጨዋታ የሚያውቅ፣ ልጅ የሚወድ ነው። በ«አንት ዳን ኤንድ ለመን» ውስጥ ዳን የኦክስፎርድ መምህርት ናት፤ ብሩህ ናት፤ አሜሪካዊውን ፖለቲከኛ ሄንሪ ኪሲንጀርን እስከ ማምለክ ታደንቃለች። ማታ ማታ ትንሿ ለመን አጠገብ ተቀምጣ የምታወራላት ከልቧ ስለምትወዳት ነው። ለመን አድጋ የምትናገረው አስፈሪ ነገር የተዘራው በዚያ ፍቅር ውስጥ ነው። ዳንም ለመንም ቀንድ የላቸውም፤ እራት ብንጋበዝ ደስ ብሎን የምንሄድላቸው ሴቶች ናቸው። ለመን ንግግሯን ስትጨርስ ተነሥቶ የሚመልስላት ሰው መድረክ ላይ የለም። ተመልካቹ መልሱን ከራሱ ውስጥ ፈልጎ ያገኝ እንደሆነ ለራሱ ተትቷል፤ ብዙዎችም ፍለጋው ካሰቡት በላይ አስቸጋሪ ይሆንባቸዋል።

ሾን ለምን ሶሻሊስት እንደሆነ ባስረዳበት መጣጥፍ የሚነሣው ከተዋናይነቱ ነው። አሳቡን ባጭሩ በራሴ ቃል ላስቀምጠው። ተዋናይ ስለ ሰው አንድ ምስጢር ያውቃል፤ ልብስ ሲለወጥለትና ሌላ ንግግር ሲሰጠው ንጉሥም ነፍሰ ገዳይም መሆን ይችላል፤ ያንን ሁሉ ከውጭ አላመጣውም፣ በውስጡ ነበር። ከዚህ የሚከተለው ሰው ሁሉ ብዙ ሰው ሆኖ ለመኖር የሚበቃ ነገር ይዞ መወለዱ ነው። ዓለም ግን ለአብዛኛው ሰው አንዲት ጠባብ ሚና ሰጥታ፣ ልብሷን አልብሳ፣ እስኪሞት እንዳያወልቃት ታደርጋለች። ማንጎራጎር የሚችለው፣ ሒሳብ መሥራት የሚችለው፣ ሰው ማስታረቅ የሚችለው ሁሉ ሸክም በመሸከም ያረጃል። የተሸከመው ሸክም ይታያል፤ ሳይሆነው የቀረው ሰው ግን አይታይም፤ የሚያለቅስለትም የለም።

በፊልም ሥራ ሚና የሚያድለው ሰው ይታወቃል፤ ስሙም ከሌሎቹ ባለሙያዎች ጋር ይጻፋል። ተዋናዩ ይቀርባል፣ ይታያል፣ ይመረጣል ወይም ይመለሳል፤ ቢከፋው እንኳ ማን እንዳስከፋው ያውቃል። ሾን «ዘ ፕሪንሰስ ብራይድ» ሲቀረጽ ለዚያ ሚና ተዋናዩ ዳኒ ዴቪቶ ታስቦ እንደነበር ሰምቶ ኖሮ፣ ዛሬ ነገ ያባርሩኛል እያለ ሲፈራ እንደከረመ ተናግሯል። ያ ፍርሃት አድራሻ ነበረው። በኑሮ ውስጥ ግን አዳዩ አይታይም። የጉልበት ሠራተኛ ልጅ የጉልበት ሠራተኛ ሲሆን ማንም መጥቶ «መረጥኩህ» አላለውም። ስለዚህ የአርባ ቀን ዕድሉ ነው እንላለን፤ ነገሩንም ከሰው እጅ አውጥተን ወደ ሰማይ እንሰቅለዋለን። ሾን በ2017 ባወጣው «ናይት ቶትስ» በተባለ ትንሽ መጽሐፍ የሰውን ልጅ ዕድለኞችና ዕድለ ቢሶች ብሎ ለሁለት ይከፍላል፤ ራሱንም ያለ ማመንታት ከዕድለኞቹ ጋር ይመድባል። ልዩነቱ ዕድልን የነገሩ ማሳረጊያ አለማድረጉ ነው። ዕድለኛው ዕድሉን ማን ከፈለልኝ ብሎ መጠየቅ አለበት።

ወደዚህ የደረሰበትን መንገድ ሁለት ሲኒ ቡና ያሳየናል። የመጀመሪያው በ1981 በወጣው «ማይ ዲነር ዊዝ አንድሬ» ውስጥ ነው። ፊልሙን ሾንና የቴአትር አዘጋጁ አንድሬ ግሪጎሪ አብረው ጻፉት፤ ሉዊ ማል አዘጋጀው። ሁለት ወዳጆች ኒው ዮርክ ምግብ ቤት ተቀምጠው እራት እየበሉ ያወራሉ፤ ሌላ ነገር የለም። ቀረጻው ግን የተካሄደው ቨርጂኒያ፣ ሪችመንድ በሚገኝ የተዘጋ ሆቴል ነበር፤ ወቅቱ ብርዳማ፣ ቤቱም ማሞቂያ የሌለው። ሾን ዋሊ የተባለ፣ እሱን ራሱን የሚመስል፣ የገንዘብ ጭንቀት ያጎበጠው ጸሐፌ ተውኔት ይጫወታል። አንድሬ በፖላንድ ጫካ ስላደረገው የቴአትር ሙከራ፣ ስለ ሰሐራ ጉዞው ያወጋል፤ ምቾት ሰውን ያደነዝዛል ባይ ነው፤ በኤሌክትሪክ የሚሞቅ ብርድ ልብስ እንኳ ከእውነተኛው ዓለም ይለያል ይላል። ዋሊ አይቀበለውም። ማለዳ ሲነሣ ከትናንት የተረፈው ቀዝቃዛ ቡና በረሮ ሳይገባበት ካደረ ደስታው ነው። ብርድ ልብሱንም አይለቅም። ተመልካቹ ይወደዋል፤ ስለ ትንሽ ደስታ የሚሟገት ሰው ማን ይጠላል?

ሁለተኛው ሲኒ የመጣው ዘጠኝ ዓመት ቆይቶ «ዘ ፊቨር» (ትኩሳት) በተባለው ተውኔት ነው። ምቹ ኑሮ ያለው ሰው፣ ቋንቋውን በማይናገሩበት ድሃ አገር ሆቴል ውስጥ ታሞ፣ መታጠቢያ ቤት ወለል ላይ ተደፍቶ ሌሊቱን ከራሱ ጋር ይሟገታል። ከሚያስታውሳቸው ነገሮች አንዱ ማን እንዳኖረለት ሳያውቅ ደጃፉ ላይ ያገኘው የካርል ማርክስ «ካፒታል» ነው። እያነበበ ሲሄድ አንድ አሳብ ይይዘዋል፤ ዕቃን በዋጋው ብቻ ስናውቀው የሠሩት ሰዎች ከዓይናችን ይሰወራሉ። ቡናን ያየዋል፤ ሲኒው ውስጥ የለቃሚዎቹ ታሪክ፣ ፀሐይ የጣላቸው፣ ዱላ ያረፈባቸው ሰዎች አሉ። ከዚያ ወዲያ የለመደው ነገር ሁሉ፣ አልጋ ልብሱም ሸሚዙም ይናገርበት ጀመር። ያኔ ጥያቄው በረሮ ገብቶበታል ወይ የሚል ነበር፤ አሁን ማን ለቀመው የሚል ሆነ። ጸሐፊው በገዛ ፊቱ የተጫወተውን፣ ተመልካች የወደደለትን ዋሊን ራሱ ከሶ አቆመው።

አቀራረቡም ከክሱ የተነጠለ አልነበረም። በ1990 ያንን ተውኔት ማቅረብ የጀመረው በሰዎች መኖሪያ ቤት ነው፤ ብቻውን ሳሎን ተቀምጦ፣ ለጥቂት እንግዶች። ክሱ ስለ ምቾት ነውና ክሱን ሶፋው ድረስ ይዞት ሄደ። በ2007 ኒው ዮርክ ላይ በቴአትር ቤት ሲደግመው ደግሞ ከመጀመሩ በፊት ተመልካቹን መድረክ ላይ እየጋበዘ ሻምፓኝ ያጠጣ ነበር። ከተከሳሹ ጋር ብርጭቆ ያጋጨ ሰው ተመልሶ ዳኛ ሆኖ ሊቀመጥ አይችልም። «ዘ ዴዚግኔትድ ሞርነር» በ2000 ኒው ዮርክ ውስጥ በግሪጎሪ አዘጋጅነት ሲታይ የጃክን ሚና ሾን ራሱ ወሰደ። ጃክ ወዳጆቹ ሲታደኑ ዘወር ብሎ የተረፈ፣ ከባድ መጻሕፍትን ማንበብ ሲቀርለት ቀለል የሚለው ሰው ነው። ፊልም ላይ የሰጡትን ይቀበላል፤ በገዛ ተውኔቱ ግን ምርጫው በእጁ ሆኖ ሳለ ለራሱ የሰጠው የፈሪውን ሚና ነው።

ታዲያ ምን ተለወጠ? ከ«ዘ ፊቨር» በኋላም ፊልሙ ቀጥሏል፤ የሬክስ ድምፅ ገቢውን አምጥቷል። ተመልካቹም ሻምፓኙን ጠጥቶ፣ ተጨንቆ፣ አጨብጭቦ፣ ታክሲ ይዞ ወደ ሞቀ ቤቱ ገብቷል። በእኛ የንስሐ ሥርዓት ኑዛዜ ብቻውን አይበቃም። የንስሐ አባት ቀኖና ይሰጣል፤ ጾም፣ ስግደት፣ ምጽዋት፤ የሰው ገንዘብ የወሰደም እንዲመልስ ይታዘዛል። በዚህ ሚዛን የሾን ተውኔቶች ቀኖና የሌላቸው ኑዛዜዎች ናቸው። ባለ ትኩሳቱ ሰው ስለ መስጠት ያስባል፣ ይሟገታል፣ ይሸማቀቃል፤ ያለውን አከፋፍሎ ሲሄድ ግን አናየውም። ደጋግሞ መናዘዝ የሚያስከትለው አደጋ አለ። ሰው ኃጢአቱን አሳምሮ መናገር ሲለምድ፣ ንግግሩ ራሱ የተለየ ሰው መሆኑን የሚያሳይ ጌጥ ይሆንለታል።

ትችቱ ልክ ነው፤ አንድ ነገር ግን ይዘላል። ቀኖና የሚሰጠው በደሉ በስሙ ከተጠራ በኋላ ነው፤ የምቾት ኃይሉ ደግሞ ስም የሌለው መሆኑ ላይ ነው። የተመቸው ሰው የባለጠጋ ሚና እየተጫወትኩ ነው ብሎ አያስብም፤ እንዲሁ ሰው የሆነ ይመስለዋል። ሚና ያላቸው ሌሎቹ ናቸው፤ አስተናጋጁ፣ ጥበቃው፣ ሊስትሮው። ካራክተር አክተር ይህን ስሕተት መሥራት ይቸግረዋል። ታሪኩ የእሱ አለመሆኑ በየቀኑ ይነገረዋል፤ የሕዝብ ዓይን አንዱን ሙሉ ሰው፣ ሌላውን «ያ አጭሩ» አድርጎ እንደሚከፍል በገዛ ገላው አይቶታል። ሙያው ሌላም ነገር ያስተምረዋል። ያችን ሦስት ደቂቃ ሕይወት ሊዘራባት የሚችለው፣ የሚጫወተው ሰው ከበሩ ውጭ ሙሉ ኑሮ እንዳለው አድርጎ ሲገባ ብቻ ነው። የ«ክሉለስ» አስተማሪ ለተማሪዎቹ ውጤት የሚሰጥ ማሽን ነበር፤ በኋላ ግን ብቸኝነት ያለበት፣ የሥራ ባልደረባውን የሚያፈቅር ሰው ሆኖ ይገኛል። ስለዚህ ትወናው ለጽሑፉ ከገንዘብ በላይ የሆነ ነገር ሰጥቶታል፤ ዓይን ሰጥቶታል። እርግጥ ሚናው ቢጠብም ኑሮው ሰፊ ነበር። የጠባብ ሚናን ቅርጽ አወቀ እንጂ ረሃቡን አላወቀም፤ ይህንንም አልካደም።

እኛ አማርኛ አንባቢዎች በዚህ ክስ ውስጥ የት ነን? ቶሎ የሚመጣው መልስ ደስ ያሰኛል። ቡናው የሚበቅለው ከፋ፣ ጅማ፣ ሲዳማና ይርጋ ጨፌ ነው፤ ለቃሚው የእኛ ሰው ነው፤ ስለዚህ ክሱ ለኒው ዮርኮች ነው። እውነትነት አለው። ነገር ግን አዲስ አበባ ውስጥ የሥነ ጽሑፍ መጽሔት የሚገዛ ሰው ቤት ቡና የሚያፈላው ማን ነው? በብዙ ቤት መልሱ ከገጠር የመጣች ልጅ ናት። ደላላ ዘንድ ተቀምጣ ታየች፤ ጉልበቷ ተገመተ፣ አገሯ ተጠየቀ፣ ተያዥ አላት ወይ ተባለ፣ ደመወዝ ተነገራት። ሚናዋን ያዘች። ከዚያ በኋላ በቤቱ ታሪክ ውስጥ እየገባች የምትወጣ ሰው ሆነች፤ ረከቦት ይዛ ትገባለች፣ ሲኒ ሰብስባ ትወጣለች። ስሟን ሁሉም ይጠራዋል፤ ምን መሆን ትፈልግ እንደነበር የጠየቃት ግን ላይኖር ይችላል።

እኅቷ ወይም አብሮ አደጓ ደግሞ በሌላ ደላላ በኩል ወደ ቤይሩት፣ ወደ ሪያድ ወይም ወደ ዱባይ ሄዳለች። እዚያ ፓስፖርቷን ተቀማች፣ ዕረፍት ተከለከለች ሲባል እንቆጣለን፤ ቁጣውም ተገቢ ነው። ካፋላ የሚባለው ሥርዓት የሠራተኛዋን የመኖሪያ ፈቃድ ከአሠሪዋ ጋር ስለሚያስረው፣ ሚናዋን ጥላ ልውጣ ብትል ሕገ ወጥ ትሆናለች። ግን እዚያ ሲታደል በደል የምንለው ሚና እዚህ ሲታደል እንዴት የአርባ ቀን ዕድል ይሆናል? የሾን ተውኔቶች አማርኛ ተመልካች ቢያገኙ፣ በጣም የሚከብዱት ስለ አሜሪካ በሚሉት ነገር አይመስለኝም። የተማረ፣ ደግ፣ ጨዋታ አዋቂ ሰው ሳሎን ተቀምጦ ስለ ፍትሕ ሲያወራ፣ ከጓዳ የሚሰማውን የዕቃ ድምፅ አለመስማቱን ባሳዩ ጊዜ ነው የሚከብዱት።

ሾንና ግሪጎሪ አብረው ከሠሯቸው ሥራዎች አንዱ የታደለ ሚና ሊለወጥ ይችል እንደሆነ ፍንጭ ይሰጣል። የቼኮቭን «አጎቴ ቫንያ» ከተዋናዮች ጋር ለዓመታት ተለማመዱት፤ የመክፈቻ ቀን ሳይቆረጥ፣ ትኬት ሳይሸጥ፣ አልፎ አልፎ ጥቂት ሰዎችን ብቻ እየጋበዙ። በኋላ ሉዊ ማል በፈራረሰው ኒው አምስተርዳም ቴአትር ውስጥ ቀረጸውና በ1994 ፊልም ሆኖ ወጣ። ሾን ቫንያን ተጫወተ፤ ዕድሜውን ለሌላ ሰው ዝና ለፍቶ መክኖ የቀረ፣ የሚያስቅም የሚያሳዝንም ሰው። ፊቱ ያው ነበር፣ ቁመቱ ያው፣ ኮልታፋነቱ ያው። «ማንሃተን» ውስጥ ባንድ እይታ ያሳቀው ገላ እዚህ የሰው ልጅን ቁጭት ሁሉ ተሸከመ። ልዩነቱን ያመጣው ጊዜ ነው። ገበያ በቅጽበት የሚያድለውን ሚና፣ ጊዜ ያለው ሰው ሊለውጠው ይችላል። ዕድለኛና ዕድለ ቢስ የሚለያዩትም ከገንዘቡ ይልቅ እዚህ ላይ ነው፤ የዕድለኛው ትርፍ ጊዜ ሌላው ሰው ከቀኑ ቆርሶ የሰጠው ነው። ይህ ሐተታ ራሱ ሌላ ሰው ባጠበው ሲኒ ቡና እየተጠጣ ተጽፎ ይሆናል፤ የሚነበበውም እንዲሁ።

እንግዲህ ሚና አዳዩን ሩቅ መፈለግ አያሻም። በአዲስ አበባ የማታ ትምህርት ከሚማሩት መካከል የቤት ሠራተኞች አሉበት። ልጅቷ «ልማር» ብላ ስትጠይቅ «እራቱን ማን ያቀርባል?» የሚል አሠሪ አለ፤ «ሂጂ» የሚልም አለ። ሁለቱም በዚያች ሰዓት ሚና እያደሉ ነው፤ ማደላቸውን ግን ላያውቁት ይችላሉ። «ሂጂ» ያለው ሰው ዓለምን አላስተካከለም፤ ደመወዟ ያው ትንሽ ነው፣ የቡናውም ሒሳብ አልተወራረደም። ቢሆንም ከእሷ ቀን ከወሰደው ጊዜ ጥቂቱን መልሷል፤ መመለስ ደግሞ ከቀኖና አንዱ ነው። ሾን ኑዛዜውን መድረክ ላይ በሚገባ ተናዟል፤ ከመድረክ የሚጠበቀውም ይኸው ነው። ቀኖናው ግን በቴአትር ቤት ሊፈጸም አይችልም፤ የሚፈጸመው በየቤቱ የሥራ ሰዓትና የደመወዝ ውል ላይ ነው፤ እዚያም ዋናው ተዋናይ ማን እንደሆነ የሚወስነው የቤቱ ጌታ ብቻ መሆን የለበትም።